የተቀባዮቹ መብራት

ባለፈው ሳምንት ዲላ፣ ተማሪዎቼ ፊት ቆሜ ሳስተምር ስልኬ ኪሴ ውስጥ ደጋግሞ ነዘረ። አየት ሳደርገው የኮንጋዋ ዘነበች ናት። ዘነበች ለወሬ የምትደውል ሴት አይደለችም። ሰው ሲታመም ወይም ሲሞት ካልሆነ ስልኳን ከመቀነቷ አትፈታም። እኔ ደግሞ ኮንጋ ያለኝ ሰው አባቴ ብቻ ነው። ተማሪዎቹን ይቅርታ እንኳ ሳልጠይቅ ወጣሁ።

«አባትሽ አምፖሉ ተቃጥሏል ይላል» አለችኝ፣ ሰላምታዬን ሳታስጨርሰኝ።

«እሱስ? ደህና ነው?»

«እሱ ምን ይሆናል? አምፖሉ ነው የተቃጠለው። ሌላ ይዛ ቶሎ ትምጣ ብሏል።»

አምፖል ተቃጠለ ተብሎ ከዲላ ኮንጋ ድረስ አይኬድም፤ ይርጋጨፌ ላይ አምፖል የሚሸጥ ሱቅ ሞልቷል። እኔ ግን የዚያን አምፖል ነገር ስለማውቅ ቅዳሜ እንደምሄድ ነገርኳትና ወደ ክፍል ተመለስኩ። ሰሌዳው ላይ የሣልኩት፣ ማይክሮኮንትሮለር የሚባለው ትንሽ የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ ሥዕል እንዳለ ነበር። ቀሪውን ሰዓት ምን እንዳስተማርኩ እንጃ፤ ሐሳቤ የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ወደነበርኩበት የቡና ወቅት ሄዶ ነበር።

አባቴ ጅግሶ ከኮንጋ በታች ባለ አንድ የቡና ማጠቢያ ጣቢያ አውጪ ነበር። ይህን ላላየ ሰው ማስረዳት አለብኝ። እሸት ቡና በማሽን ከተፈለፈለ በኋላ ገንዳ ውስጥ ተኝቶ ይብላላል። ከዚያ ወደ ረጅም የሲሚንቶ ቦይ ይለቀቅና ንጹሕ ውኃ እየወረደበት ይታጠባል። ሰዎች ቦዩ ውስጥ በረድፍ ቆመው፣ ረጅም እጀታ ባለው የእንጨት መግፊያ ቡናውን ውኃው ወደሚመጣበት ይገፉታል። ፍሬው ላይ የተጣበቀው ልጋግ የሚለቀው በዚህ ግፊያ ነው። ሁሉም እኩል ካልገፉ ግን ቡናው እዚህ ይቆለላል፣ እዚያ ይሳሳል። እኩል የሚያስገፋቸው ዜማ ነው። አንዱ ያወጣል፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ፤ የሚገፉትም ሲቀበሉ ነው። መልሱ እስኪያልቅ መግፊያው ወደ ፊት ይሄዳል፣ መልሱ ሲያልቅ ይመለሳል። ተቀባዮቹ ደክሟቸው ዝም ቢሉ እንኳ አውጪው አያቆምም፤ ግጥም እየጨመረ፣ ስማቸውን አንድ በአንድ እየጠራ፣ እስኪቀበሉት ያባብላቸዋል።

የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች ዘፈን አይወዱም ነበርና አንዱ አባቴን «ወንድም ጅግሶ፣ እሁድ መዝሙር፣ ሰኞ ዘፈን እንዴት ይሆናል?» ብለው ጠየቁት። «እኔ መቼ ዘፈንኩ? ቡና ነው ያጠብኩት» አላቸው። ቡናቸው እዚያው ጣቢያ የሚታጠብ ስለነበረ ነገሩን አላከረሩትም።

እናቴ ከሞተች በኋላ አባቴ ቤት ውስጥ ቃል የማይወጣው ሰው ሆነ። ቆጮው ቀረበ ቢሉት ይበላል፣ ዘመድ መጣ ቢሉት ይነሣል፣ በቃ። ድምፁን የምንሰማው በቡና ወቅት ነበር። ያን ጊዜ ማለዳ የጎማ ቦቲውን ተጫምቶ፣ በእንሰቱ መሐል ባለችው ቀጭን መንገድ ወደ ጣቢያው ሲወርድ ሌላ ሰው ይመስላል። ያን ቦታ ቢያጣ ምን ይቀረዋል? ይህን መጠየቅ የጀመርኩት ያን ዓመት ነው።

ኅዳር ነበር። ለመመረቂያ ሥራዬ ርዕስ አጥቼ፣ እንደው ቤት ብሄድ ይመጣልኝ ይሆናል ብዬ ከዲላ ተነሣሁ። ከይርጋጨፌ በሞተር ሳይክል ስንሄድ መንገዱ ዳር እሸት የሞሉ ጆንያዎች ተደርድረዋል፤ አቧራው አፍ ውስጥ ይገባል፣ ፀሐዩ ገና አልበረታም። ጣቢያው ከመታየቱ በፊት የበሰለ ፍሬና የኮመጠጠ ውኃ ሽታው መጣ። ሞተረኛውን አሰናብቼ ቦዩ አጠገብ ቆምኩ። ጆሮዬን ማመን አቃተኝ።

አባቴ ተቀባዮቹ ሳይጨርሱ ነበር የሚቀጥለው። እነሱ ገና መልሱ መሐል ላይ ሳሉ ድምፁ ይመጣባቸዋል። ይበልጥ የገረመኝ ግን የእነሱ ነገር ነው። መልሱን አሳጥረውለታል። ከሕፃንነቴ ጀምሮ የማውቀው ረጅሙ መልስ መጨረሻው ተቆርጦ፣ ከዚያም ግማሹ ቀርቶ፣ የሁለት ቃል ነገር ሆኗል።

አባቴ ወደ ቦዩ ከመዛወሩ በፊት ከመፈልፈያው ማሽን ናፍጣ ሞተር አጠገብ ለዓመታት ሠርቷል። ጆሮው ቀስ በቀስ እየሄደ ነበር። ቤት ውስጥ ሬዲዮ ሲያስጮህ እርጅና ነው ብለን አለፍነው። ቦዩ ውስጥ ያሉት ግን ከእኛ ቀድሞ ገብቷቸዋል። ትልቅ ሰው ነው፣ አውጪያቸው ነው፤ በምን አፋቸው «አትሰማም» ይበሉት? ይሉኝታ ያዛቸውና መልሳቸውን በእሱ ችኮላ ልክ እየቆረጡ ሰነበቱ።

መልሱ ሲያጥር ግፊያውም አጠረ፤ ቡናው ልጋጉን በደንብ ሳይለቅ ወደ ማድረቂያ አልጋው መውጣት ጀመረ። የጣቢያው ኃላፊ አቶ ሙሰማ የከተማ ነጋዴ ልጅ ነው፤ ክፉ ሰው አልነበረም። ያን ቀን እርጥቡን ቡና በጣቶቹ መሐል ሲያሸው አየሁት።

«ዘነበች፣ ይሄ ያዳልጣል። አልታጠበም» አለ።

ዘነበች የተቀባዮቹ መሪ ነበረች፤ ሁልጊዜ ከረድፉ ፊት ትቆማለች። ለኃላፊ ብቻ በምታወጣው አማርኛዋ፣ «ጅግሶ ያወጣል፣ እኛ እንቀበላለን፣ ቡናው ትታጠባለች። ሌላ ምን ትፈልጋለህ፣ አቶ ሙሰማ?» አለችው።

«ሌላ አውጪ እፈልጋለሁ። በዚህ ሳምንት ካልተስተካከለ ወጣት አቆማለሁ። ለጋሽ ጅግሶ ንገሪያቸው።»

አልነገረችውም። ማንም አልነገረውም።

የነገርኩት እኔ ነኝ። ማታ ቆጮ በጎመን ቀርቦልን እየበላን ነበር። ቤታችን የምናወራው በጌዴኦኛ ነው፤ እዚህ በአማርኛ ስጽፈው ትንሽ ይለሰልሳል።

«ዘንድሮ ሰው ሰንፏል» አለ አባቴ። «ገና ሳይቀበሉኝ ዝም ይላሉ። ድሮ እንዲህ አልነበሩም።»

ወደ ጆሮው ተጠጋሁ። «አባ፣ አልሰነፉም። ሳይጨርሱ ነው የምትጀምርባቸው።»

«ማን አለ?»

«ማንም አላለም። ራሴ ሰማሁ።»

«እነሱስ ለምን አልነገሩኝም?»

«ስለሚያከብሩህ።»

ማኘኩን አቆመ። «ይሄ ማክበር ነው?» አለ። እኔም ምነው ምላሴን በቆረጠው እያልኩ ተኛሁ።

ቦርሳዬ ውስጥ ከዲላ ይዤው የመጣሁት የማይክሮኮንትሮለር ቦርድ ነበር። መዳፍ የማትሞላ ሰሌዳ ናት። ዳርና ዳሯ ላይ ፒን የሚባሉ መውጫዎች አሏት። የጻፍንላት ኮድ አንዷን ፒን «ብሪ» ካላት አምስት ቮልት ታወጣለች፣ «ጥፊ» ካላት ዜሮ ትሆናለች። አምስት ቮልት የቤት አምፖል አያበራም፤ ግን ሪሌይ የሚባለውን ማብሪያ ይነካል፣ ትልቁን መብራት ሪሌዩ ያበራል። ኮሌጅ ውስጥ ሁላችንም መጀመሪያ የሠራነው ለአንድ ሰከንድ በርታ ለአንድ ሰከንድ የምትጠፋ ትንሽ ቀይ መብራት ነበር። ስትበራ ጨብጭበን ነበር፣ ለማን ምን እንደምትል ግን ማናችንም አልጠየቅንም።

ሌሊቱን ስገላበጥ የመጣልኝ ሐሳብ ቀላል ነው። ተቀባዮቹ ሲቀበሉ አምፖል ይብራ፣ ሲጨርሱ ይጥፋ፤ አባቴ በጆሮው ያጣውን በዓይኑ ያግኘው። ጠዋት ስነግረው ፊቱን ወደ ጓሮው አዙሮ አዳመጠኝ። አኩርፎኛል ብዬ ነበር።

«ሲበራ ነው የምትጀምረው ወይስ ሲጠፋ?» አልኩት።

አሰበበት። «ሲበራ እነሱ ናቸው» አለ። «ሲጠፋ እኔ ነኝ።»

አቶ ሙሰማ ትከሻውን ነቅንቆ ሽቦና አምፖል ሰጠኝ። አባቴ ሲያወጣ የቦዩን ዳር ይዞ ላይና ታች ስለሚል ሦስት አምፖል አስፈለገ፤ አንዱ ቦዩ ራስ ላይ፣ አንዱ መሐሉ ላይ፣ አንዱ ግርጌው ላይ። ሦስት ፒን፣ ሦስት ሪሌይ። ቦዩ የቆርቆሮ ጣሪያ ስላለው ጥላ ነው፣ ቀንም ቢሆን መብራቱ ይታያል።

መጀመሪያ የገጠምኩት ድምፅ የሚያዳምጥ ሴንሰር ነበር። ሰዎቹ ሲቀበሉ ድምፁ ስለሚጨምር ፒኖቹን ያበራል ብዬ ነው። የማዳምጠው ቦታ ላይ ውኃ እንደሚወርድ፣ ከበስተኋላው ደግሞ ሞተር እንደሚያጉረመርም ያወቅኩ አልመስልም ነበር። መብራቶቹ በሩ፤ አልጠፋም አሉ። አባቴ አምፖሉን እያየ፣ አፉን ከፍቶ፣ ይጠብቃል። ተቀባዮቹ መልሰው ጨርሰው እሱን ይጠብቃሉ። አንዷ ሳቅ ሲያመልጣት በሻሿ ጫፍ አፏን ያዘች።

«ዕቃሽ ውኃውን ነው የሚቀበለው» አለች ዘነበች። «እኛን አልሰማንም።»

አፍሬ አንገቴን ስደፋ ዓይኔ ቦቲዋ ላይ አረፈ። ዘነበች ስትቀበል ግራ እግሯን ትተክላለች፤ መልሱ ሲያልቅ ታነሣዋለች። እንደዚያ እንደምታደርግ ራሷም አታውቀውም ነበር። ይርጋጨፌ ወርጄ የበር ደወል ቁልፍ ገዛሁና፣ ውኃ በማያስገባ ፕላስቲክ ጠቅልዬ፣ እግሯ ሥር ጣውላ ላይ አሰርኩት። ቁልፉን በቀጥታ ከአምፖሉ ጋር ብታያይዢው ምን ነበረበት የሚለኝ ካለ፣ ውኃ ውስጥ ከቆመች ሴት እግር ሥር የቤት ኤሌክትሪክ አይቀመጥም እለዋለሁ። ቦርዷ ያስፈለገችው ለዚህ ነው። ከእግሯ በኩል የሚመጣው አምስት ቮልት ብቻ ነው፣ እሱ ማንንም አይጎዳም።

«እስከ መጨረሻዋ ቃል ድረስ እግርሽን እንዳታነሺ» አልኳት።

«የቱን መልስ? አጭሩን ነው ረጅሙን?»

«ረጅሙን።»

አባቴ አወጣ። ዘነበች እግሯን ተከለች። ሦስቱም አምፖሎች በሩ። ተቀባዮቹ እየፈሩ፣ እሱን ከሥር ከሥር እያዩ፣ ትተውት የነበረውን መልስ ከመጀመሪያው ጀመሩት። ግማሹ ላይ ሲደርሱ ሁሉም ትንፋሹን የቆጠበ መሰለኝ፤ እዚያ ላይ ነበር ድምፁ የሚመጣባቸው። አልመጣም። አባቴ ዓይኑን ከመብራቱ ሳይነቅል ይጠብቃል። ጨረሱት። መግፊያዎቹ ቦዩን ሙሉ ሄደው ተመለሱ፣ መብራቱ ጠፋ፣ አባቴ ቀጠለ። እኔ እንባዬ መጣ። እንዲህ ያለ ነገር በሦስት ፒን ይመጣል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

ወቅቱን ሙሉ እንደዚያ ሠሩ። እኔ ከዲላ እየተመላለስኩ ሽቦውን አያለሁ፣ እርጥበት የገባበትን እቀይራለሁ። ቡናው ጸዳ። አቶ ሙሰማ ስለ ወጣት አውጪ ማንሣቱን ተወ። አባቴም ቤት ውስጥ ቃል ማውጣት ጀመረ፤ ዛሬ እገሌ ድምፁ ከፍቶ ነበር መሰለኝ፣ መግፊያው ዘገየ፣ እያለ ያወራኛል።

የወቅቱ የመጨረሻ ገንዳ በተለቀቀበት ቀን እዚያው ነበርኩ። ታኅሣሥ ነው፣ ከሰዓት በኋላ፤ ነፋሱ የእንሰቱን ቅጠል ይሰነጥቃል። አባቴ ወደ ቦዩ ራስ እየሄደ፣ ጀርባውን ለሰዎቹ ሰጥቶ፣ ፊቱን ወደ ላይኛው አምፖል አድርጎ ያወጣ ነበር። በዚህ መሐል መብራት ጠፋ። እኛ አገር መብራት መጥፋቱ ወሬ አይሆንም፤ ቢሮ ውስጥ የበራችው አምፖል ድርግም ስትል እኔ ራሴ ልብ ያልኩት ቆይቼ ነው። የመፈልፈያው ሞተር በናፍጣ ስለሚሠራ ማጉረምረሙን አላቋረጠም። አባቴ እግሩ ሥር የሚሰማው ንዝረት እንኳ አልተለወጠም።

ተቀባዮቹ ተቀበሉት። ዘነበች ቁልፉን ረገጠች። አምፖሉ አልበራም። አባቴ ጠበቀ፣ ከዚያ አንድ ግጥም ጨመረ። እንደገና ተቀበሉት፣ ከበፊቱ ጮኸው። ዘነበች ጣውላው እስኪንቀጠቀጥ ትረግጣለች። ለእሱ ግን አምፖሉ ጨለማ ነው፤ ጨለማ ደግሞ «አንተ ነህ» ማለት ነው። ሌላ ግጥም ጨመረ። ድምፁ ውስጥ ከዚያ በፊት ያልሰማሁት ነገር ገባ። ተቀባዮቹ እምቢ ያሉት መስሎታል።

ሮጬ ልነግረው ተነሣሁ፤ ግን መሐል ላይ ቆምኩ። አባቴ ስማቸውን መጥራት ጀምሮ ነበር።

ዘነበችን ጠራት፤ ሁለት ልጅ ቀብራ መግፊያዋን ያልጣለች አላት። ከእሷ ቀጥሎ የቆመውን ጠራው፣ ከዚያ ሌላውን፤ የእያንዳንዳቸውን ድካም፣ ያጡትን፣ ያሳደጉትን እየጠቀሰ ለመናቸው። ምን በደልኳችሁ፣ የቱን ቃል አበላሸሁባችሁ እያለ። ሰዎቹ አንድ በአንድ ዝም አሉ። መልሳቸው እንደማይደርሰው ሲያውቁ፣ የእሱን ድምፅ ብቻ እየሰሙ በዚያው ይገፉ ጀመር። ሲያልቅበት እናቴን ጠራ። ከሞተች ወዲህ ስሟን ከአፉ ሰምቼ አላውቅም። አንቺ እንኳ ተቀበይኝ አላት።

ያን ጊዜ ዞር አለ።

የሁሉም አፍ ዝም ብሏል፣ የሁሉም ፊት ርሷል። መግፊያዎቹ ግን እኩል እየሄዱ ነው። አምፖሎቹን አየ፣ ወደ ቢሮው አየ። አቶ ሙሰማ በሩ ላይ ቆሞ «ጄነሬተሩን ላስነሣ?» አለ።

«ጠፍቶ ነው?» አለ አባቴ። «ከየት ጀምሮ?»

እንደ ልማዳቸው ቢሆን «አሁን ገና ነው» ይሉት ነበር። ዘነበች ግን በመግፊያዋ ጫፍ ሩቅ፣ ከቦዩ ግርጌ፣ መሄድ የጀመረበትን ቦታ አሳየችው።

«ተቀብላችሁኝ ነበር?»

ጭንቅላቷን ደጋግማ ነቀነቀች። አባቴ ቦዩ ውስጥ ገባ፣ አጠገቧ ቆመ፣ አንድ መግፊያ አነሣ።

«አንቺ አውጪ» አላት። «እኔ መግፊያሽን እያየሁ እቀበላለሁ።»

ልከራከረው ብሞክር እጁን አንሥቶ አስቆመኝ። ማታ ቤት ስንገባ ነው የነገረኝ። «ልጄ፣ ዕቃሽ ጥሩ ነው» አለኝ። «ግን ተቀብለውኝ ሳለ አልተቀበሉኝም ብዬ ዳግመኛ አልለምንም።» ከዚያ በኋላ ለብዙ ወቅቶች ቦዩ ውስጥ ቆመ፤ በተቀባዮቹ መሐል፣ ከዘነበች ቀጥሎ። እዚያ ዳግመኛ ያወጣበት ጊዜ የለም።

እኔ አሁን የማስተምረው ይህንኑ ትምህርት ነው። ተማሪዎቼ ሥራቸውን ሲያሳዩኝ፣ አምፖሎቹ ተራ በተራ ሲበሩ፣ የማነሣው ጥያቄ ሁልጊዜ አንድ ነው። መብራት ቢጠፋ ይህ ጨለማ ለሚያየው ሰው ምን ይለዋል? ብዙዎቹ መምህሯ ነገር ታከርራለች ይላሉ፤ ልክ ናቸው።

ቅዳሜ ሄድኩ። ግንቦት ስለሆነ መንገዱ ጭቃ ነው፤ ሁለቴ ከሞተሩ ወርጄ በእግሬ ተራመድኩ። አባቴ ዛሬ ጭራሽ አይሰማም። ቤቱ ውስጥ፣ ከመቀመጫው ፊት ለፊት፣ እንደ ጣቢያው አምፖሎች እንዲሆንለት የሰቀልኩለት መብራት አለ። ያችው አሮጌ ቦርድ ናት የምታበራው፤ አሁን ግን በፀሐይ በሚሞላ ባትሪ ስለሆነ መብራት ቢጠፋም አይጠፋም። ቁልፉ ከአጥሩ በር ሥር ነው። የመጣ ሰው አንዴ ረግጦ ይለቃል፤ አባቴ ከውስጥ አንድ ስንኝ ያወጣል፤ የመጣው ሰው እዚያው ሆኖ ይቀበላል፣ እስኪጨርስም ቁልፉን ረግጦ ይቆያል። ቤታችን የሚገባው እንደዚህ ነው፤ አባቴም ወደ ማውጣት የተመለሰው በዚህ ነው። ሰሞኑን ዘነበች መጥታ ረግጣ ስትለቅ አምፖሉ ብልጭ ብሎ በራ፤ አባቴ አወጣ። ስትቀበለው ግን አልበራም፤ እዚያው ላይ ተቃጥሏል። ግጥም ሲጨምር ሰማችው። ስሟን ከመጥራቱ በፊት ሮጣ ገብታ እጁን ያዘች፣ የተቃጠለውንም አሳየችው።

ስገባ የጠቆረውን አምፖል መዳፉ ላይ ይዞ ጠበቀኝ። አዲሱን ገጠምኩ። በእጁ ወደ ውጭ ጠቆመኝ፤ ሞክሪው ማለቱ ነው። ዝናብ ጀምሮ ነበር። አጥሩ ጋ ቆሜ አንዴ ረገጥኩና ለቀቅኩ።

ዘገየ። ከዚያ ድምፁ መጣ፤ ቀጭን ሆኗል፣ መሐሉ ላይ ትንፋሽ ያጥረዋል። ሲጨርስ ቁልፉን ረግጬ ተቀበልኩት። ዝናቡ በረታ፣ በጎረቤት ቤት በረንዳ የተጠለሉ ሰዎች ያዩኛል፣ ጫማዬ ውስጥ ውኃ ገብቷል። መልሱን ግን አላሳጠርኩም።